ሁለት ቁልፍ የያዙ ሹም፦ የይፋቱ ወላስማ መሐመድ

በ19ኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ገደማ ከታጁራ ወደብ ተነስቶ ወደ ሸዋ የሚመጣ ሰው ንጉሥ ሣህለ ሥላሴን ከማየቱ በፊት አንድ ሹም ፊት መቅረብ ነበረበት። ጨው የጫነ የአፋር ነጋዴ ይሁን፣ መጽሐፍ ቅዱስ የያዘ ጀርመናዊ ሚሲዮናዊ ይሁን፣ ወይም መድፍና ጠመንጃ አስጭኖ የመጣ የእንግሊዝ መልእክተኛ ይሁን፣ ከይፋት ቆላ ዳር ፋሬ የምትባል መንደር ላይ ይቆማል። ማን እንደሆነ፣ ምን እንደያዘ፣ ለምን እንደመጣ ይጠየቃል። ወሬው ወደ ላይ ወደ ንጉሡ ይላካል፤ ይለፍ እስኪባል መጠበቅ ነው። የሚጠይቁት፣ የሚልኩትና የሚያስጠብቁት ሹም ወላስማ መሐመድ ይባላሉ።

ወላስማ መሐመድ ንጉሥ አልነበሩም፤ ራስም አልነበሩም። በዚያ ዘመን እንደ እሳቸው ያሉ መካከለኛና ትናንሽ ጌቶች በየአምባው ሞልተው ነበር። የእሳቸው ሕይወት ለእኛ የሚጠቅመን የጥንቱ ሥርዓት ከዙፋኑ ዝቅ ብሎ፣ ንጉሡ በማይደርስበት እርከን ላይ እንዴት ይሠራ እንደነበር ስለሚያሳየን ነው። ደግሞም ሥልጣናቸው ከመሬት ስፋት ወይም ከሠራዊት ብዛት አልመጣም። የመጣው ከሁለት በሮች ነው፤ አንዱ ንግድ የሚገባበት፣ ሌላው የንጉሡ ዘመዶች የተዘጋባቸው። (እዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት፣ ዓ.ም. ካልተባሉ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

አስቀድመን አገሩን እንመልከት። ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የሚሄደው መንገድ ጣርማበር ላይ ከ3,000 ሜትር በላይ ይወጣና በጣሊያን ዘመን የተፈለፈለውን ዋሻ አልፎ ወደ ደብረ ሲና ይጠማዘዛል። ከዚያ ጆሮ እየደፈነ ይወርዳል። ሸዋ ሮቢት ሲደርስ ከፍታው 1,280 ሜትር ገደማ ነው፤ ጋቢ ደርቦ የተነሳ መንገደኛ እዚህ ሸሚዝ ብቻ ይቀረዋል። በስተምዕራብ የደጋው ግድግዳ ቆሟል፤ በስተምሥራቅ ሜዳው እየሞቀ ወደ አዋሽ ይወርዳል። ዛሬ አገሩ በማሾውና በሽንኩርቱ ይታወቃል፤ በወላስማ መሐመድ ጊዜ ግን የይፋት ቆላ ስም ከጥጥ፣ ከማሽላና ከሲራራ ነጋዴ ጋር ነበር የሚነሳው። በአፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን እንኳ አስተዳደሩ ይፋትና ጥሙጋ አውራጃ ተብሎ አታዬ ላይ ተቀምጦ ስሙን ይዞ ቆይቷል።

ከሸዋ ሮቢት ወደ ደቡብ፣ ከአንኮበር አምባ ሥር ስንደርስ፣ የነገሩ ቁልፍ ያለበት ቁልቁለት ይጀምራል። ከታጁራ የሚመጣው ግመል በረሃውን ይችለዋል፤ የአንኮበርን ዳገት ግን አይወጣውም። የደጋው በቅሎና አህያ በተራቸው ዳገቱን ይችላሉ፤ በረሃውን ግን አይዘልቁትም። ስለዚህ ዕቃው በሁለቱ መካከል ፋሬ ላይ ይራገፋል፤ ከዚያ በአህያ፣ በበቅሎና በሰው ጀርባ ወደ አልዩ አምባ፣ ከአልዩ አምባ ወደ አንኮበር ይወጣል። ጭነት የሚራገፍበት ቦታ ቀረጥ ለመቀበል የተመቸ ነው፤ የተደበቀ ነገር አይኖርም፣ ነጋዴውም ጥሎ መሄድ አይችልም። የሸዋ ነገሥታት ይህን አሳምረው ያውቁ ነበር።

ወላስማ የሚለው መጠሪያ ራሱ ከመሐመድ ከ500 ዓመት በላይ ይቀድማል። በ13ኛው መቶ ዓመት ዑመር ወላስማ ይፋት ላይ ሥርወ መንግሥት መሠረተ፤ በ1285 ደግሞ ከእሱ በፊት የነበረውን የሸዋ ሱልጣኔት ጠቅልሎ ያዘ። በ14ኛው መቶ ዓመት የጻፈው ዐረባዊው ሊቅ አል-ዑመሪ የይፋትን ሠራዊት 15,000 ፈረሰኛና 20,000 እግረኛ ያደርሰዋል። ይህ ቁጥር ቢጋነን እንኳ ይፋት ዘይላን ከደጋው ጋር የሚያገናኘውን የንግድ መንገድ የያዘ ትልቅ ኃይል እንደነበረ አያጠራጥርም። በሸዋ ሮቢትና በአንኮበር መካከል ባሉት ተዳፋቶች ላይ ኖራ፣ አስበሪና መሳል በተባሉ ቦታዎች አርኪዮሎጂስቶች ያጠኗቸው የድንጋይ መስጊዶችና ከተማ ፍርስራሾች የዚያ ዘመን ምስክሮች ናቸው።

ከዚያ ዘመን ታሪክ አንዱ ለእኛ ጉዳይ በጣም ይጠቅማል። የአፄ ዐምደ ጽዮን ዜና መዋዕል እንደሚተርከው የይፋቱ ሰብረዲን በንጉሡ ላይ ሲነሳ ከዛቻዎቹ አንዱ የንጉሡን ከተማ ማራዴን ይዞ ጫት እተክልባታለሁ የሚል ነበር። አልተሳካለትም፤ ተሸንፎ ታሰረ። ዐምደ ጽዮን ግን የወላስማን ቤት አላጠፉትም። የሰብረዲንን ወንድም ጀማለዲንን በቦታው ሾሙት። ይፋትን በወላስማ ቤት ማስገዛት፣ ገዢውን ግን ራሳቸው መምረጥ፤ ይህ ዘዴ ያኔ ተጀመረ ብንል አንሳሳትም። ኋላ የቤቱ ኃይለኛ ወገን በሐቀዲን መሪነት ወደ ሐረር በኩል ሄዶ አዳልን አቆመ፤ ከነሱ አንዱ ሰዕደዲን በ15ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ዘይላ ላይ ተገደለ። የግራኝ ጦርነትና ከሱ በኋላ የመጣው የሕዝብ እንቅስቃሴ አገሩን ሲገለባብጠው የጥንቱ ሱልጣኔት ጠፋ። በተራራው ወገብ ላይ አርጎባው ቀረ፤ የወላስማ ስምም የገዢ መጠሪያ ሆኖ አብሮት ቀረ።

የሸዋ ነገሥታት ዘር የሚቆጠርበት የመንዙ ነጋሲ ልጆችና የልጅ ልጆች በ18ኛው መቶ ዓመት ከደጋው ወደ ምሥራቅ ሲገፉ ያገኙት ይህንን ሕዝብና ይህንን ስም ነው። መርዕድ አዝማች አምኃ ኢየሱስ አንኮበርን መቀመጫቸው አደረጉ። አንኮበር ላይ የተቀመጠ ገዢ ደግሞ በረንዳው ላይ ቆሞ ይፋትን ቁልቁል ያያል። ሣህለ ሥላሴ በ1813 አልጋውን ሲይዙ ይፋት ከመንግሥታቸው የማይነጠል ሆኗል፤ በ1841 ከእንግሊዝ ጋር በተፈራረሙት ውል ላይ እንኳ የማዕረግ ስማቸው ሸዋንና ይፋትን ጎን ለጎን ይጠራል።

እዚህ ላይ ስለ ሹመት አንድ ነገር መግለጽ ይገባል። ጉልት ማለት መሬቱን መውረስ ማለት አይደለም፤ መሬቱ ላይ ካለው ገባር ግብር የመቀበልና የመዳኘት መብት ነው። ርስት የዘር ነው፤ ጉልት ከላይ የተሰጠ ነው። ሸዋ ውስጥ ንጉሡ ሹም ሽር ማድረግ ይችሉ ነበር፤ ዛሬ ነጭ በቅሎ ላይ ያለ ሹም ነገ ደጅ ጠኚ ሊሆን ይችላል። የወላስማ መሐመድ ሹመት ግን ከአባት ወደ ልጅ የሚተላለፍ ሹመት እንደነበር የዘመኑ ተጓዦች ጽፈዋል። በክርስቲያን ንጉሥ ሥር ያለ ሙስሊም ባላባት፣ ያውም የጠረፍ ዘብ፣ ሹመቱን በውርስ ሲይዝ እንግዳ ይመስላል።

ምክንያቱ ግን ሩቅ አይደለም። ይፋት ቆላ ውስጥ የደጋ ሰው ንዳድ ይፈራ ነበር፤ ከአምባው ወርዶ ዓመቱን ሙሉ ፋሬ ላይ የሚቀመጥ የመንዝ ሹም ማግኘት ቀላል አልነበረም። ከአፋር ባላባቶች ጋር የሚነጋገር፣ የነጋዴውን ቋንቋና ሃይማኖት የሚያውቅ፣ በረሃ ላይ የተዘረፈ ዕቃ በማን እጅ እንደገባ የሚያጣራ ሰው ያስፈልግ ነበር። ገባሩም ነጋዴውም አብዛኛው ሙስሊም ነው። ለዚህ ሁሉ ከወላስማ ቤት የተሻለ ማን ይገኛል? ንጉሡ በሃይማኖት የማይመስላቸውን ሰው የሾሙት ከቸርነት ብቻ አይደለም፤ ስለሚያስፈልጋቸው ነው።

ሁለተኛው ቁልፍ ከፊተኛው ይበልጥ የሚያስገርም ነው። ወላስማ መሐመድ የሚቀመጡት ጎንጮ በምትባል አምባ ላይ ነበር። ጎንጮ የሸዋ መንግሥት እስር ቤት ናት፤ እስረኞቿም ተራ ወንበዴዎች ሳይሆኑ የንጉሡ ወንድሞችና የቅርብ ዘመዶች ነበሩ። የሣህለ ሥላሴ አባት ወሰን ሰገድ ሲገደሉ አልጋው የሚገባው ለታላቅየው ለበኩሬ ነበር ይባላል። ሣህለ ሥላሴ ግን ቀድመው ነገሡ፤ በኩሬና ሌሎቹ ወንድሞች ወደ ጎንጮ ወረዱ። ልማዱ አዲስ አልነበረም። የቀድሞ ነገሥታት ዘመዶቻቸውን አምባ ግሸን ላይ አግዘው ኖረዋል፤ የጎንደር ነገሥታት ደግሞ ወህኒ ላይ። የሸዋን ልዩ የሚያደርገው የእስር ቤቱ ጠባቂ ማን መሆኑ ነው።

እስቲ ንጉሡን ሆነህ አስበው። ወንድምህን አስረሃል። ቁልፉን ለማን ትሰጣለህ? ለመንዝ መኳንንት ብትሰጥ ነገ ቅር የተሰኘ ቀን ወንድምህን አውጥቶ ያነግሥብሃል፤ ለአክስትህ ልጅ ብትሰጥ ራሱ አልጋውን ይመኛል። ወላስማ መሐመድ ግን ሙስሊም ናቸው። የሸዋ ዙፋን ላይ መቀመጥ አይችሉም፤ ከደጋው መኳንንት ጋር ለመዶለትም ሃይማኖቱና አገሩ ይለያቸዋል። ታማኝነታቸው የተገነባው ከዙፋኑ በመራቃቸው ላይ ነው። በእኔ ግምት የወላስማ ቤት ሹመቱን በውርስ ይዞ ለመቆየቱ ከቀረጡ ይልቅ የጎንጮ ቁልፍ የበለጠ ምክንያት ነው። የንጉሡን የሌሊት እንቅልፍ የሚጠብቅ ሹም በቀላሉ አይሻርም።

ከዚህ ጋር የሚመሳሰል ነገር ፍለጋ ብንወጣ ወደ ጃፓን ብንሄድ ይሻላል፤ የፊውዳል ጌቶችን ነገር እንደ ጃፓን በሥርዓት የያዘ አገር ብዙ የለምና። ከ17ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ አገሩን የመራው ሾጉን የተባለው የጦር አለቃ ሲሆን፣ በሥሩ 260 ያህል ዳይሚዮ የሚባሉ ጌቶች ነበሩት። አንድ ሰው ዳይሚዮ ለመባል መሬቱ በዓመት ቢያንስ 10,000 ኮኩ ሩዝ ማስገኘት ነበረበት፤ አንድ ኮኩ 180 ሊትር ገደማ ሲሆን ለአንድ ሰው የዓመት ቀለብ ይበቃል ተብሎ ይታሰብ ነበር። ከ1635 ጀምሮ እያንዳንዱ ዳይሚዮ በየተራው ዋና ከተማው ኤዶ መጥቶ እንዲቀመጥ ተገደደ፤ ወደ አገሩ ሲመለስ ሚስቱና ልጆቹ ኤዶ ላይ መያዣ ሆነው ይቀራሉ። ያመፀ እንደሆነ ቤተሰቡ በሾጉኑ እጅ ነው።

ከእነዚህ ጌቶች መካከል ለወላስማ መሐመድ የሚቀርበው የጹሺማ ደሴት ገዢ የነበረው የሶ ቤተሰብ ነው። ጹሺማ በጃፓንና በኮሪያ መካከል ያለች ተራራማ ደሴት ናት፤ ሩዝ እምብዛም አታበቅልም። የሶ ቤት የሚኖረው ከኮሪያ ጋር በሚደረገው ንግድ ነበር፤ ንግዱም መልእክቱም በእነሱ እጅ ያልፋል። ሁለቱ መንግሥታት በማዕረግ አጠራር እየተኳረፉ ንግዱ ሲሰናከልባቸው የሶ ሰዎች ደብዳቤዎቹን አስመስለው ይጽፉ፣ የማይስማማውን ቃል ይለውጡ ጀመር። በ1630ዎቹ ጉዳዩ ተጋለጠ። በሌላ ቦታ ቢሆን አንገት ያስቆርጣል፤ ሾጉኑ ግን የሶን ጌታ ማረው፤ ሌላ በሩን የሚያውቅ ሰው አልነበረውም።

ጹሺማና ይፋት የሚመሳሰሉት በዚህ ነው፤ ሁለቱም ጋ ትንሹ ጌታ የሚከበረው በሩን ስለሚያውቅ ነው። የሚለያዩት ደግሞ በመያዣው ነው። በጃፓን ትንሹ ጌታ ቤተሰቡን ለትልቁ አስይዞ ይኖራል። በሸዋ ግን የትልቁ ዘመዶች በትንሹ ጌታ እጅ ታስረው ይኖራሉ። ወላስማ መሐመድ በዚህ በኩል ከማንኛውም ዳይሚዮ የበለጠ ታምነው ነበር።

አሁን ወደ ፋሬ እንመለስ። በ1839 ክራፕፍና ኢዘንበርግ የተባሉ ሚሲዮናውያን በዚህ በር ገቡ። በዚያው ዓመት ሮሼ ዴሪኩር የተባለ ፈረንሳዊ ተከተላቸው። በ1841 ክረምት ደግሞ ካፒቴን ኮርንዋሊስ ሃሪስ ከቦምቤይ ተልኮ ትልቅ ጓዝ ይዞ መጣ። በበረሃው ከአንድ ወር በላይ ተጉዞ፣ ሌሊት ሦስት ሰዎቹ ተገድለውበት፣ ፋሬ ሲደርስ ድካሙ ያበቃ መስሎት ነበር። አላበቃም። ወላስማ መሐመድ ከነአጀባቸው መጥተው ተቀበሉት፤ አቀባበሉ ግን ምርመራም ነበር። ለንጉሡ የመጣው ገጸ በረከት ምን እንደሆነ ማወቅ ፈለጉ፤ ያለ ንጉሡ ቃልም ወደ ላይ ማለፍ አይቻልም። ሃሪስ በ1844 ባሳተመው መጽሐፉ አበጋዝ እያለ የሚጠራቸውን እኚህን ሹም በበጎ አያነሳቸውም። የትልቅ መንግሥት መልእክተኛ ነኝ የሚል መኮንን መንደር ዳር ጠብቅ ሲባል ምን እንደሚጽፍ መገመት አያቅትም።

ሃሪስ በኅዳር 1841 ከሣህለ ሥላሴ ጋር የወዳጅነትና የንግድ ውል ተፈራረመ። ውሉ ለእንግሊዝ ነጋዴዎችና መንገደኞች ጥበቃና ማለፊያ የሚሰጥ ነበር። በወረቀቱ መሠረት የፋሬ በር ከዚያ ወዲያ ክፍት መሆን ነበረበት። ሆኖም ዓመት እንኳ ሳይሞላ፣ በ1842፣ ቻርልስ ጆንስተን የተባለ እንግሊዛዊ ሐኪም በዚያው መንገድ ቢመጣ ወላስማ መሐመድ ፋሬ ላይ አገዱት። በዚያን ጊዜ ንጉሡ በእንግሊዞቹ ላይ ፊታቸውን እያዞሩ ነበር። ወላስማም የንጉሡን ፊት እንጂ የወረቀቱን ቃል አላነበቡም። ጆንስተንም በ1844 ባሳተመው መጽሐፍ ቅሬታውን በሰፊው ጽፏል። እንደኔ ግን ወላስማ መሐመድ እዚህ ላይ የሠሩት ሥራቸውን ነው። በር ጠባቂ የሚመዘነው ባስገባው ሰው ብዛት ብቻ ሳይሆን ጌታው ያልፈለገውን ሰው በማስቆሙም ነው፤ ለዚያውም ንጉሡ ራሳቸው እምቢ ሳይሉ፣ ወቀሳው ከታች እንዲቀር አድርጎ።

በሃሪስ ቆይታ ጊዜ የሆነ ሌላ ነገር ደግሞ የሁለተኛውን ቁልፍ ልክ ያሳያል። ሃሪስ እንደሚተርከው ንጉሡ ታመው ሳለ እሱ ለምኖላቸው የጎንጮ እስረኞች፣ ለዓመታት በሰንሰለት የኖሩት የንጉሡ ዘመዶች፣ ተፈቱ። ሃሪስ ምስጋናውን ሁሉ ለራሱ ወስዷል፤ ያን ያህል ማመን አይገባንም። ግን አንድ ነገር ግልጽ ነው፤ ንጉሡ ፍቱ ሲሉ ወላስማ ይፈታሉ። ቁልፉ በእጃቸው ቢሆንም ሰንሰለቱ የእሳቸው አልነበረም።

የበሩ ገቢ ከየት ይመጣ እንደነበር ሳይነገር መታለፍ የለበትም። ከባሕር በኩል ጨው፣ መዳብ፣ ዶቃ፣ ጨርቅና መሣሪያ ይገባል። ከደጋው በኩል የዝሆን ጥርስ፣ ቡና፣ ዝባድና ሰው ይወጣል። አዎ፣ ሰው። አልዩ አምባ ላይ ዓርብ ዓርብ ትልቅ ገበያ ይቆማል፤ በአቅራቢያው ባለችው በአብዱል ረሱል ደግሞ ከደቡብና ከምዕራብ ተይዘው የመጡ ልጆችና ጎልማሶች ይሸጡ ነበር። የሐረርና የአፋር ነጋዴዎች ገዝተው ወደ ታጁራ ይነዷቸዋል። ንጉሡ ከዚህ ንግድ ቀረጥ ይወስዱ ነበር፤ ሸቀጡ ሁሉ የሚወጣው ደግሞ በወላስማ በር ነው። ስለ አንኮበር ቤተ መንግሥት ግርማ ስናወራ ይህን ትተን ማውራት አንችልም።

የይፋት ገባር ከዚህ ሁሉ ምን አተረፈ? ጥጥ ያመርታል፤ አርጎባው ይሸምናል፤ ግብር ያገባል፤ የንጉሥ ዕቃ ሲመጣ ይሸከማል። የሃሪስ ጓዝ ከፋሬ ወደ አንኮበር የወጣው በአብዛኛው በእነዚህ ሰዎች ጀርባ ነው። በአንጻሩ ከደጋው ገባር የሚሻልበት ነገርም ነበረው። ገበያው ቅርቡ ነው፤ ዳኛው ቋንቋውን ያውቃል፤ መስጊዱ አይነካበትም። በእሱና በንጉሡ መካከል ወላስማ ነበሩ፤ ግብሩም ፍርዱም ያለፈው በእሳቸው በኩል ነው።

ሣህለ ሥላሴ በ1847 ሞቱ። በ1855 አፄ ቴዎድሮስ ሸዋን ያዙ፤ ምኒልክ ተማርከው ሄዱና በ1865 ከመቅደላ አምልጠው ተመለሱ። ይህ ሁሉ ሲሆን የፋሬ በር አልተዘጋም፤ እንዲያውም ምኒልክ ከጠረፍ መሣሪያ ማስገባት ሲጀምሩ መንገዱ ደመቀ። የይፋትን ቤት የጎዳው መጀመሪያ ከሰሜን የመጣው አዋጅ ነው። በ1878 አፄ ዮሐንስ ቦሩ ሜዳ ላይ ባስጠሩት ጉባኤ ሙስሊም ሹማምንት ካልተጠመቁ ሹመታቸውን እንዲለቁ ተወሰነ። ሣህለ ሥላሴ የቆሙበት ዘዴ፣ ሙስሊሙን አገር በሙስሊም ባላባት ማስገዛት፣ ከዚያ ወዲያ እንደ ድሮው መሥራት አልቻለም።

ቀጥሎ መንገዱ ራሱ ዞረ። ፈረንሳዊው ገጣሚ አርተር ሬምቦ የዚህን መንገድ የመጨረሻ ዘመን ያየ ሰው ነው። በ1886 ጥቅምት ገደማ ከታጁራ ጠመንጃ ጭኖ ተነሳ፤ በ1887 የካቲት አንኮበር ሲደርስ ምኒልክ አልነበሩም። በዚያው ዓመት ጥር ጨለንቆ ላይ ድል አድርገው ሐረርን ይዘው ነበር። ሬምቦ እንጦጦ ድረስ ሄዶ መሣሪያውን በኪሳራ ሸጠ። የእሱ ኪሳራ የፋሬም ኪሳራ ነበር። ሐረር ከተያዘ በኋላ በዘይላና በጅቡቲ በኩል የሚመጣው ዕቃ በሌላ በር ይገባል፤ ከተማውም ከአንኮበር ወደ እንጦጦ፣ በ1886 ደግሞ ወደ አዲስ አበባ ወርዷል። የባቡሩ ሐዲድ በ1902 ድሬዳዋ፣ በ1917 አዲስ አበባ ደረሰ። ግመል የሚራገፍበት፣ በቅሎ የሚጫንበት ቦታ ከዚያ ወዲያ አላስፈለገም። ኋላ ጣሊያን የሠራው አውራ ጎዳናም በጣርማበር ወርዶ በሸዋ ሮቢት አለፈ እንጂ ወደ ፋሬ አልሄደም። ሸዋ ሮቢት የመንገድ ከተማ ሆና ያደገችው በዚህ ነው።

ሥርዓቱ በሕግ የፈረሰው ከዚያ በኋላ ነው። ጃፓን የዳይሚዮዎችን ግዛት በ1871 በአንድ አዋጅ ሰርዛ አገሩን በክፍለ ሀገር ስታዋቅር ጌቶቹን ጡረታ ሰጥታ ቶኪዮ አስቀመጠቻቸው። በእኛ አገር ጉልት በሕግ የቀረው በ1958 ዓ.ም. ሲሆን፣ ከዘጠኝ ዓመት በኋላ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ የገጠርን መሬት በሙሉ የሕዝብ አደረገ። ገባርነት እዚያ ላይ አበቃ።

ስለ ወላስማ መሐመድ ይህን ያህል የምናውቀው በአብዛኛው በራቸው ላይ ከቆሙ የውጭ ሰዎች ነው። ሃሪስ ቅናት ያያል፤ ጆንስተን ጭቆና ያያል፤ ክራፕፍ ሊሰብከው የመጣውን እንጂ ሊማርበት የመጣውን አገር አያይም። የአርጎባ ሽማግሌዎች ስለ ጎንጮ አምባ፣ ስለ ፋሬ ኬላና ስለ ወላስማ የዘር ሐረግ የሚሉት ግን የሌላ ወገን ቃል ነው፤ ያንን ቃል የሚሰበስብ ሰው ያስፈልጋል። በሸዋ ሮቢት፣ በአልዩ አምባና በአንኮበር ያላችሁ መምህራንና ተማሪዎች፣ አያቶቻችሁን ዛሬውኑ ጠይቁና ጻፉ።